አርኖልድ ሾንበርግ፤ ግጥምና ዜማ በአዲስ ሕግ

በአውሮፓ የሙዚቃ ታሪክ የእልፍኝ ሙዚቃ በመባል የሚታወቀው ዘርፍ፣ በታላላቅ አዳራሾች በብዙ ተጫዋቾች ከሚቀርበው የኦርኬስትራ ሙዚቃ የተለየ ነው። በእልፍኝ ሙዚቃ እያንዳንዱን ክፍል የሚይዘው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ ተጫዋቾቹም ከጥቂቶች አይበልጡም፤ አንዱ ቢሳሳት ሌላው ሊሸፍንለት አይችልም። በዚህ ጠባብ መድረክ ላይ የሰው ድምፅ ከነግጥሙ ሲታከልበት የሚገኘው ጥበብ በሃያኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ከሥሩ ተለውጧል። የዚህ ለውጥ ነገር በተነሣ ቁጥር ከሁሉ አስቀድሞ የሚጠራው ስም የአርኖልድ ሾንበርግ ነው። በሕይወት ሳለ የእርሱን ያህል የተወገዘ፣ ካለፈም በኋላ የእርሱን ያህል የተጠና የሙዚቃ ደራሲ ማግኘት ያስቸግራል። የሕይወት ታሪኩ ለሙዚቃ ሰዎች ብቻ ሳይሆን፣ የቆየ ደንብና አዲስ ፈጠራ በየዕለቱ በሚጋጠሙበት ሙያ ለተሰማሩ ሁሉ የሚያሳስብ ቁም ነገር አለው። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ልጅነቱና የመጀመሪያ ትምህርቱ

አርኖልድ ሾንበርግ ሴፕቴምበር 13 ቀን 1874 በቪየና ከተማ፣ ብዙ አይሁዳውያን ይኖሩበት በነበረው በሌኦፖልድሽታት ሠፈር ተወለደ። አባቱ ሳሙኤል ከሃንጋሪ ግዛት የመጣ፣ የአነስተኛ ጫማ መደብር ባለቤት ነበረ። እናቱ ፓውሊነ ደግሞ በፕራግ ከተማ በምኩራብ ዜመኝነታቸው ከታወቁ ሰዎች ቤተሰብ የተወለደች ነበረች። ቤቱ የባለጸጋ ቤት ስላልነበረ፣ ልጁ እንደ ዘመኑ የሙዚቃ ሰዎች ከሕፃንነቱ ጀምሮ ፒያኖ በሥርዓት እየተማረ አላደገም።

በ8 ዓመቱ ገደማ ቫዮሊን መማር እንደ ጀመረ፣ የሚጫወታቸውን ቁራጮች አስመስሎ የራሱን ትንንሽ ዜማዎች ይጽፍ ጀመር። ከጓደኞቹ ጋር ሆኖ የአራት መሣሪያዎች ጓድ ለማቋቋም ቼሎ ባስፈለገው ጊዜ፣ መሣሪያውን የሚገዛበት ገንዘብ አልነበረውምና፣ በአንድ ቪዮላ ላይ ዚተር ከተባለው መሣሪያ የተወሰደ አውታር ወጥሮ እንደ ቼሎ ተለማመደበት። ሶናታ የሚባለው የሙዚቃ ቅርጽ እንዴት እንደሚዋቀር ያወቀውም ከመምህር አፍ ሳይሆን፣ ጥራዝ በጥራዝ እየወጣ ይሸጥ ከነበረ መዝገበ ዕውቀት ነው፤ ለጀመረው ድርሰት የሚያስፈልገውን ዕውቀት ለማግኘት ቃሉ የሚገኝበት የኤስ ፊደል ጥራዝ እስኪደርስ ድረስ መታገሥ ነበረበት። የልጅነት ጓደኛው ኦስካር አድለርም ስለ ኅብረ ድምፅ የሚያውቀውን አካፈለው።

በ1889 መጨረሻ ላይ አባቱ በኢንፍሉዌንዛ ሞተ። አርኖልድ ያን ጊዜ የ15 ዓመት ልጅ ነበረ። በ1891 ትምህርቱን አቋርጦ በአንድ የግል ባንክ በተለማማጅ ጸሐፊነት ተቀጠረ። ባንኩ በ1895 በከሠረ ጊዜ ቤተሰቡ ሲያዝን እርሱ ግን እንደ ነፃነት ቆጠረውና ወደ ቢሮ ሥራ ላለመመለስ ቆረጠ። ከዚያ በኋላ ኑሮውን የገፋው የሠራተኞች መዘምራን ቡድኖችን በመምራት ሲሆን፣ ከእነዚህም አንዱ በስቶከራው ከተማ የነበረው የብረታ ብረት ሠራተኞች የመዘምራን ማኅበር ነበረ።

በዚሁ ጊዜ በአንድ አማተር ኦርኬስትራ ውስጥ ቼሎ ሲጫወት አሌክሳንደር ፎን ዜምሊንስኪ ከተባለው ወጣት የሙዚቃ ደራሲ ጋር ተዋወቀ። ዜምሊንስኪ በቪየና የሙዚቃ ትምህርት ቤት በሚገባ የተማረ ስለ ነበረ፣ ብዙ ዜማዎችን ጎን ለጎን የማስኬድን ጥበብ፣ ማለትም ካውንተርፖይንትን፣ ለጥቂት ወራት አስተማረው። ሾንበርግ በሕይወቱ ያገኘው መደበኛ ትምህርት ይኸው ብቻ ነው ለማለት ይቻላል። ከዚህ የተረፈውን የብራምስን፣ የቫግነርንና የሞዛርትን ድርሰቶች እየፈታና እየገጠመ ራሱን አስተማረ።

በመማሪያ መጽሐፍ ያልተመዘገበው አኮርድ

በ1899 ሾንበርግ «የተለወጠች ሌሊት» የሚለውን ድርሰት ለስድስት ባለ አውታር መሣሪያዎች ጻፈ። መነሻው የሪሻርድ ዴመል ግጥም ነው። ግጥሙ በጨረቃ ብርሃን በጫካ ውስጥ የሚሄዱ ወንድና ሴትን ታሪክ ይተርካል፤ ሴቲቱ የሌላ ሰው ልጅ መፀነሷን ትናዘዛለች፤ ወንዱም ልጁን እንደ ራሱ ሊቀበለው ይስማማል። በድርሰቱ ውስጥ ዘፋኝ የለም፤ ቃሎቹ ሳይነገሩ ስሜታቸው በመሣሪያዎቹ ብቻ ይተላለፋል። ግጥምን ለሙዚቃ መነሻ ማድረግ ለሾንበርግ የዕድሜ ልክ ሥራ የሆነው ከዚህ ጊዜ ጀምሮ ነው።

ድርሰቱ ለአንድ የቪየና የሙዚቀኞች ማኅበር ቢቀርብ ለመጫወት ሳይፈቀድ ቀረ። ከምክንያቶቹ አንዱ በውስጡ የተገኘ አንድ አኮርድ በመማሪያ መጻሕፍት በዚያ አቀማመጥ አለመመዝገቡ ነበረ። አኮርዱ ለጆሮ ይከብዳል ወይም አይከብድም ብሎ የመረመረ አልነበረም፤ በመጽሐፉ ሠንጠረዥ ውስጥ ስላልተገኘ እንደሌለ ተቆጠረ። የደንብ መጽሐፍ የልምድ ማከማቻ ከመሆን አልፎ የልምድ ወሰን ሲደረግ ምን እንደሚያስከትል የሚያሳይ ምሳሌ ነው። ድርሰቱ በመጨረሻ በ1902 በቪየና ለሕዝብ ቀረበ፤ ዛሬ ከሾንበርግ ሥራዎች ሁሉ በብዛት ከሚደመጡት አንዱ ነው።

በ1901 የዜምሊንስኪን እኅት ማቲልደን አገባ። በዚያው ዓመት ማብቂያ ወደ በርሊን ሄዶ በአንድ የካባሬት ቲያትር በሙዚቃ መሪነት ሠራ። ታዋቂው ደራሲ ሪሻርድ ሽትራውስ የገንዘብ ድጋፍና የማስተማር ሥራ እንዲያገኝ ረዳው። በ1903 ወደ ቪየና ተመልሶ በግል ማስተማር ሲጀምር፣ በሚቀጥለው ዓመት ሁለት ወጣቶች በደቀ መዝሙርነት ተቀላቀሉት። እነርሱም አንቶን ቬበርንና አልባን ቤርግ ነበሩ። ቤርግ የሚከፍለው ገንዘብ ስላልነበረው በመጀመሪያ በነፃ አስተማረው። ታላቁ ጉስታቭ ማህለርም ምንም እንኳ የወጣቱን ሙዚቃ ሁልጊዜ ባይረዳውም በአደባባይ ከመደገፍ አልቦዘነም፤ በ1907 የሾንበርግ የመጀመሪያ ኳርቴት ሲቀርብ ከሚያፏጩት ሰዎች ጋር ፊት ለፊት እስከ መጣላት ደርሷል።

ከቅኝት የወጣው ድምፅ

እስከዚያ ዘመን ድረስ የአውሮፓ ሙዚቃ የቆመው አንድን ድምፅ መነሻና ማረፊያ በማድረግ ነበረ። ዜማው የቱንም ያህል ቢርቅ መመለሻው የታወቀ ነው፤ አድማጩም መመለሱን እየጠበቀ ያዳምጣል። በትዝታ ወይም በባቲ ቅኝት ያደገ ጆሮ ማረፊያው ድምፅ ሲደርስ ልቡ እንደሚያርፍ ሁሉ፣ የአውሮፓም አድማጭ እንዲሁ ነበረ። ሾንበርግ በ1907 እና በ1908 ሁለተኛውን ኳርቴት ሲጽፍ ይህንን ማረፊያ ቀስ በቀስ ተወው።

ድርሰቱ የሚጀምረው በታወቀ ቅኝት ነው። በሦስተኛውና በአራተኛው ክፍል ግን ከዚህ በፊት በኳርቴት ያልተለመደ ነገር ይከሠታል፤ ከአራቱ ባለ አውታር መሣሪያዎች ጋር የሶፕራኖ ድምፅ ይነሣል። ግጥሞቹ የጀርመናዊው ባለቅኔ የሽቴፋን ጌኦርጌ ናቸው። አንደኛው ከድካም ዕረፍትን የሚለምን ጸሎት ሲሆን፣ ሁለተኛው ምድርን ትቶ ወደ ሌላ ዓለም ስለ መውጣት የሚናገር ነው። በዚህ በመጨረሻው ክፍል መጀመሪያ ላይ ሾንበርግ በኖታው ላይ የቅኝት ምልክት አላደረገም። ግጥሙ ከምድር መለየትን ሲናገር ሙዚቃው ከማረፊያው ድምፅ ይለያል። ለውጡ እንዲያው ለመለየት ሲባል ብቻ የተደረገ ሳይሆን፣ ቃሉ ራሱ የጠየቀው ነበረ።

ድርሰቱ የተጻፈበት ጊዜ ለደራሲው የመከራ ጊዜ ነበረ። በ1908 በጋ ባለቤቱ ማቲልደ ሪሻርድ ጌርስትል ከተባለ ወጣት ሠዓሊ ጋር ቤቷን ጥላ ሄደች። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ስለ ልጆቿ ብላ ተመለሰች፤ ሠዓሊው ግን በዚያው ዓመት በኖቬምበር ራሱን ገደለ። ሾንበርግ ኳርቴቱን ለባለቤቱ መታሰቢያ አደረገው። ዲሴምበር 21 ቀን 1908 በቪየና በቀረበ ጊዜ አዳራሹ በሣቅና በጩኸት ታወከ። የቤተ መንግሥቱ ኦፔራ ዘፋኝ ማሪ ጉትሃይል ሾደር በዚያ ሁከት መካከል እስከ መጨረሻው ዘመረች።

ይህም ሆኖ ሾንበርግ ወደ ኋላ አላለም። የጌኦርጌን 15 ግጥሞች ለድምፅና ለፒያኖ አዘጋጅቶ «የተንጠለጠሉት አትክልቶች መጽሐፍ» በሚል ርእስ በ1909 ፈጸመ። ቅኝት ሲወገድ ረዥም ሙዚቃን አያይዞ የሚያቆመው ምሰሶ እንደሚጠፋ ተገንዝቦ ነበርና፣ በዚህ ወቅት ግጥም ለእርሱ የስሜት ምንጭ ብቻ ሳይሆን የመዋቅር ድጋፍም ሆነ። ስንኙ የት እንደሚጀምርና የት እንደሚያልቅ፣ ሐሳቡ የት ላይ እንደሚከር ግጥሙ ይወስንለታል። በ1911 ደግሞ በዚያው ዓመት ላረፈው ለማህለር መታሰቢያ ያደረገውን የኅብረ ድምፅ መማሪያ መጽሐፍ አሳተመ። የነባሩ ደንብ አፍራሽ ተብሎ የተከሰሰው ሰው ነባሩን ደንብ ጠንቅቆ ከሚያስተምሩት መጻሕፍት አንዱን መጻፉ ብዙዎችን አስገርሟል።

«ጨረቃዊው ፒየሮ»

በ1911 ሾንበርግ ዳግመኛ ወደ በርሊን ተዛወረ። በ1912 መጀመሪያ ላይ አልበርቲነ ጼመ የተባለች ተዋናይት በሙዚቃ የታጀበ የግጥም ንባብ ለማቅረብ ፈልጋ ድርሰት እንዲጽፍላት ጠየቀችው። የመረጠችው ቤልጅጋዊው ገጣሚ አልቤር ዢሮ በ1884 በፈረንሳይኛ ያወጣቸውን፣ ኦቶ ኤሪሽ ሃርትሌበን ወደ ጀርመንኛ የመለሳቸውን ግጥሞች ነበረ። የግጥሞቹ ባለ ታሪክ ፒየሮ የተባለው የቲያትር ቀልደኛ ነው። ነጭ ልብስ ለብሶ፣ በጨረቃ ብርሃን ሰክሮ፣ አንዴ በፍቅር፣ አንዴ በወንጀልና በፍርሃት፣ በመጨረሻም በአገር ናፍቆት ይንከራተታል።

ሾንበርግ ከ50ዎቹ ግጥሞች 21 መረጠና በሦስት ክፍል፣ እያንዳንዱን በሰባት ግጥም አደራጀ። ለሥራው የሰጠውም ተራ ቁጥር 21 ነበረ። ሁሉም ግጥሞች አንድ ዓይነት ቅርጽ አላቸው፦ 13 ስንኞች አሏቸው፤ የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ በ7ኛውና በ8ኛው ላይ ይደገማሉ፤ የመጀመሪያው ስንኝ ብቻውን በ13ኛው ላይ ተመልሶ ግጥሙን ይዘጋዋል።

የመሣሪያዎቹ አመዳደብ ከሁሉ ይልቅ የሚያስደንቅ ነው። ተጫዋቾቹ አምስት ብቻ ሲሆኑ መሣሪያዎቹ ስምንት ናቸው። የፍሉቱ ተጫዋች ፒኮሎን፣ የክላሪኔቱ ተጫዋች ባስ ክላሪኔትን፣ የቫዮሊኑ ተጫዋች ቪዮላን እያፈራረቀ ይጫወታል፤ ቼሎና ፒያኖ ይጨመራሉ። በዚህ ጥቂት ኃይል ለየግጥሙ የተለየ ቀለም ለመስጠት መሣሪያዎቹን በየጊዜው በአዲስ መልክ ያቀናጃል። ሰባተኛው ግጥም የታመመችውን ጨረቃ ሲያነሣ ከድምፁ ጋር የቀረው አንድ ፍሉት ብቻ ነው። ስምንተኛው ላይ ሌሊቱ በጥቁር ቢራቢሮዎች ክንፍ ሲሸፈን ግን ባስ ክላሪኔት፣ ቼሎና ፒያኖ በወፍራም ድምፃቸው ሦስት ኖታ ያላትን አንዲት አጭር ሐረግ እያመላለሱ ጨለማውን ያከብዱታል። በዐሥራ ስምንተኛው ፒየሮ በኮቱ ጀርባ ላይ ነጭ ነጥብ አይቶ ለማጽዳት ይለፋል፤ ነጥቡ ግን የጨረቃ ብርሃን ነው። እዚህ ላይ መሣሪያዎቹ ግማሽ መንገድ ድረስ ተጉዘው፣ ከዚያ የመጡበትን ኖታ በኖታ ወደ ኋላ ይመልሱታል። ሰውየው ወደ ኋላው ዞሮ ሲያይ ሙዚቃውም አብሮት ይዞራል።

አንባቢቱ ድምፅዋን የምታወጣበት መንገድም አዲስ ነበረ። ሾንበርግ የእያንዳንዱን ክፍለ ቃል ከፍታና ርዝመት በኖታ ጻፈ። ነገር ግን ድምፅዋ የተጻፈውን ከፍታ ነካ አድርጋ ወዲያው ወደ ላይ ወይም ወደ ታች መንሸራተት እንጂ እንደ ዘፈን መዘግየት የለባትም፤ የጊዜውን ልክ ግን በጥብቅ መጠበቅ አለባት። ፉከራና ሽለላ የሰማ ጆሮ በንግግርና በዘፈን መካከል ሰፊ ሥፍራ እንዳለ ያውቃል። የሾንበርግ አዲስነት ይህንን ሥፍራ በጽሑፍ ለመለካት መሞከሩ ነበረ።

ሙከራው ግን እንከን አልነበረውም ለማለት አይቻልም። ከፍታው በትክክል ተጽፎ ሳለ በዚያው እንዳይጸና መታዘዙ ለአቅራቢዎች ግራ የሚያጋባ ሆነ። አንዳንዶች እንደ ዘፈን ዘፈኑት፤ አንዳንዶች እንደ ተራ ንባብ አነበቡት። ሾንበርግ ራሱ በ1940 በአሜሪካ በሸክላ ባስቀዳው ጊዜ እንኳ አንባቢቱ ኤሪካ ሽቲድሪ ቫግነር በብዙ ቦታ ከተጻፈው ከፍታ ርቃ ትሰማለች። ንድፉ ከሥራው ጋር ሙሉ በሙሉ ያልተገጣጠመበት ይህ ነጥብ እስከ ዛሬ ድረስ የአቅራቢዎችና የተመራማሪዎች ክርክር ሆኖ ቆይቷል።

ድርሰቱ ኦክቶበር 16 ቀን 1912 በበርሊን ለመጀመሪያ ጊዜ ቀረበ። ጼመ የቲያትር ልብስ ለብሳ ብቻዋን ከፊት ስትቆም፣ ተጫዋቾቹና መሪው ሾንበርግ ከመጋረጃ በስተጀርባ ነበሩ። ተቃውሞ ባይጠፋም አድናቆቱ በረታ፤ ቡድኑም ወደ ሌሎች የጀርመንና የኦስትሪያ ከተሞች ተጓዘ። በዚያው ዓመት በዲሴምበር በበርሊን የሰማው ኢጎር ስትራቪንስኪ የጃፓን ግጥሞችን ለድምፅና ለጥቂት መሣሪያዎች አዘጋጀ። ከስትራቪንስኪ ስለ ሥራው የሰማው ሞሪስ ራቬልም በ1913 የማላርሜን ሦስት ግጥሞች በተመሳሳይ መልክ ጻፈ። ግጥም፣ አንድ ድምፅና ጥቂት የተለያዩ መሣሪያዎች የሚገናኙበት አዲስ ዘርፍ በዚህ ሁኔታ መንገዱን ያዘ።

የተዘጋው አዳራሽ

በ1913 በሾንበርግ ላይ ሁለት ተቃራኒ ነገሮች ደረሱ። በፌብሩዋሪ ከዐሥር ዓመት በፊት የጀመረው ግዙፉ የኦርኬስትራና የመዘምራን ሥራ «የጉረ ዜማዎች» በቪየና ቀርቦ ታላቅ ጭብጨባ አገኘ። እርሱ ግን ለዓመታት ሲያፌዝበት ለነበረው ሕዝብ ፊቱን ሳያዞር ለተጫዋቾቹ ብቻ እጅ ነሣ። ማርች 31 ቀን ደግሞ በዚያችው ከተማ የእርሱንና የደቀ መዛሙርቱን ሥራዎች ሲመራ፣ የአልባን ቤርግ መዝሙሮች በተጀመሩ ጊዜ ድብድብ ተነሥቶ ፖሊስ ገባ፤ ዝግጅቱም ሳይፈጸም ተበተነ።

በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በኦስትሪያ ጦር ውስጥ ካገለገለ በኋላ፣ በ1918 የግል የሙዚቃ ማቅረቢያ ማኅበር አቋቋመ። የማኅበሩ ደንብ ጥብቅ ነበረ። ማንኛውም ሥራ በበቂ ልምምድ ካልተዘጋጀ አይቀርብም፤ ከባድ ሥራዎች ተደጋግመው ይቀርባሉ፤ ማጨብጨብም ሆነ ማፏጨት የተከለከለ ነው፤ የጋዜጣ ሐያስያን አይገቡም፤ ምን እንደሚቀርብም አስቀድሞ አይነገርም። ለኦርኬስትራ የሚሆን ገንዘብ ስላልነበረ ትልልቆቹ ሥራዎች ለጥቂት መሣሪያዎች እየተቀነሱ ይቀርቡ ነበር። የገንዘብ ችግር እስኪዘጋው ድረስ ማኅበሩ ለሦስት ዓመት ያህል ሠርቷል። ሾንበርግ የሕዝብን ፍርድ ሽሽት ይህን አደረገ የሚሉ ነበሩ። ይሁን እንጂ በማኅበሩ የቀረቡት በአብዛኛው የራሱ ሳይሆኑ የሌሎች ደራስያን ሥራዎች መሆናቸው ዓላማው ከግል ክብር በላይ እንደ ነበረ ያሳያል።

ዐሥራ ሁለቱ ድምፆች

ነባሩ ሕግ ከተተወ ዐሥር ዓመት አልፎ ነበር፤ በቦታው የሚተካ ሕግ ግን ገና አልተገኘም። ሾንበርግ ያለ ሥርዓት መኖርን የሚወድ ሰው አልነበረም። ከ1921 እስከ 1923 ባሉት ዓመታት አዲስ ዘዴ አወጣ። በአንድ ኦክታቭ ውስጥ የሚገኙት 12 ድምፆች ደራሲው በመረጠው ቅደም ተከተል በአንድ ተርታ ይደረደራሉ፤ ድርሰቱ በሙሉ ከዚህ ተርታ ይወጣል። ተርታው በቀጥታ፣ ወደ ኋላ ተመልሶ፣ ተገልብጦ፣ ወይም ተገልብጦና ወደ ኋላ ተመልሶ ሊሠራበት ይችላል። እነዚህ አራት መልኮች ከ12ቱ ድምፆች በየትኛውም ላይ ሊጀምሩ ስለሚችሉ ለአንድ ተርታ በጠቅላላው 48 መልኮች ይኖራሉ። አንድ ድምፅ ብቻውን ጎልቶ ማረፊያ እንዳይሆን ሁሉም በእኩልነት ይታያሉ።

ዘዴው ከግጥም ጋር እንዴት እንደ ተገናኘ ከሚያሳዩት ሥራዎች አንዱ «ሴሬናድ» የተባለው ነው። አራተኛው ክፍል ለባስ ድምፅና ለሰባት መሣሪያዎች የተዘጋጀ የጣሊያናዊው ባለቅኔ የፔትራርካ ግጥም ነው። ግጥሙ 14 ስንኞች ሲኖሩት በእያንዳንዱ ስንኝ 11 ክፍለ ቃላት አሉ። ለየክፍለ ቃሉ ከተርታው አንድ ድምፅ በየተራ ሲሰጥ፣ የመጀመሪያው ስንኝ በ11ኛው ድምፅ ላይ ያልቃል፤ ሁለተኛው በ12ኛው ይጀምራል፤ ሦስተኛው በ11ኛው፤ እንዲህ እያለ መነሻው በየስንኙ አንድ ደረጃ እየተንሸራተተ በ13ኛው ስንኝ ላይ ወደ መጀመሪያው ድምፅ ይመለሳል። 11 እና 12 በተባሉት ቁጥሮች መካከል ካለችው የአንድ ልዩነት ብቻ፣ አንዱ ስንኝ ከሌላው የማይመሳሰል ዜማ ተገኘ። ሒሳቡ ለአድማጭ አይሰማም፤ እንዲሰማም አልታሰበም፤ ሕንፃን ያቆመው ስሌት ከግድግዳው ላይ እንደማይነበብ ሁሉ።

የሰውየው ጠባይ ከሙዚቃ ውጭም እንዲሁ ነበረ። በ1909 ኖታ የሚጽፍ የጽሕፈት መኪና ንድፍ አውጥቶ ለባለቤትነት መብት አመልክቷል። በ100 ቤቶች ሰሌዳ ላይ አራት ሰዎች የሚጫወቱት፣ ሁለት ታላላቅና ሁለት ታናናሽ ኃይላት በ36 ጠጠሮች የሚፋለሙበት የቼዝ ዓይነት ፈጥሯል። ለበርሊን ከተማ ትራንስፖርት የሚሆን የመቀያየሪያ ቲኬት ንድፍ ሠርቷል። የኖታ መስመር ማስመሪያ መሣሪያ፣ የመጽሐፍ መጠረዣ፣ የመጫወቻ ካርታ፣ የቤት ዕቃ ሳይቀር በእጁ ያበጅ ነበር። ሥዕልም ይሥል ነበር።

ስደት

ሾንበርግ በ1898 የፕሮቴስታንት እምነት ተከታይ ሆኖ ነበር። ነገር ግን በ1921 በጋ ቤተሰቡን ይዞ በኦስትሪያዋ የማትዜ መንደር ሳለ አይሁዳውያን ከአካባቢው እንዲወጡ በመጠየቁ ሥፍራውን ለቅቆ ሄደ። ይህ ቁስል ሳይሽር ኖረ። በ1923 ባለቤቱ ማቲልደ ዐረፈች፤ በሚቀጥለው ዓመት የቫዮሊን ተጫዋቹን የሩዶልፍ ኮሊሽን እኅት ጌርትሩድን አገባ። በ1925 የፕሩሲያ የጥበባት አካዳሚ የድርሰት መምህር ሆኖ ተሾመና በ1926 በበርሊን ሥራውን ጀመረ። መደበኛ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ያልገባው የጫማ ነጋዴ ልጅ በጀርመን ከፍተኛ ከሚባሉት ወንበሮች በአንዱ ላይ ተቀመጠ።

ወንበሩ ግን ብዙ አልቆየለትም። በ1933 ናዚዎች ሥልጣን እንደ ያዙ፣ በአካዳሚው የአይሁዳውያን ተሰሚነት መወገድ እንዳለበት በስብሰባ ሲገለጽ ሾንበርግ አዳራሹን ጥሎ ወጣ። በግንቦት ወር ከቤተሰቡ ጋር ወደ ፓሪስ ሸሸ፤ በዚያም በሥርዓት ወደ አይሁድ እምነቱ ተመለሰ። ከምስክሮቹ አንዱ ሠዓሊው ማርክ ሻጋል ነበረ። በኦክቶበር መጨረሻ አሜሪካ ደርሶ በመጀመሪያ በቦስተን አስተማረ፤ የክረምቱ ብርድ ለጤናው ስላልተስማማው በ1934 ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛወረ። ከ1936 ጀምሮ በዚያው በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ሆነ፤ በ1941 የአሜሪካ ዜግነት አገኘ። በ1944 ዕድሜው 70 ሲሞላ በጡረታ ተገለለ። ያገለገለበት ዘመን አጭር ስለ ነበረ የጡረታው ገንዘብ ሦስት ትንንሽ ልጆች ላሉት ቤተሰብ የሚበቃ አልነበረም። በ1945 ያልተፈጸሙ ሥራዎቹን ለመጨረስ ለጉገንሃይም የመታሰቢያ ድርጅት ያቀረበው የድጋፍ ጥያቄም አልተፈቀደለትም።

የሆነ ሆኖ ግጥምን ከጥቂት መሣሪያዎች ጋር የማገናኘቱን ሥራ አልተወም። በ1942 እንግሊዛዊው ሎርድ ባይረን ስለ ናፖሊዮን ውድቀት በ1814 የጻፈውን ግጥም ለአንባቢ፣ ለፒያኖና ለአራት ባለ አውታር መሣሪያዎች አዘጋጀ። ጦርነቱ በተፋፋመበት በዚያ ሰዓት ስለ አንድ አምባገነን መዋረድ የሚናገር ግጥም የማንን ስም እንደሚያስታውስ ለማንም ግልጽ ነበረ። የድምፁ አጻጻፍ ግን ከ«ጨረቃዊው ፒየሮ» ይለያል። አምስቱ የኖታ መስመሮች ቀርተው አንድ መስመር ብቻ ተሠመረ፤ ከመስመሩ በላይ ያለው ከፍ ብሎ፣ በታች ያለው ዝቅ ብሎ እንዲነገር ብቻ ተመለከተ። ከ30 ዓመት በኋላ ሾንበርግ የቀድሞውን ንድፍ አሻሽሎ፣ ከአቅራቢው የሚፈለገውንና ለአቅራቢው የሚተወውን ለየ። በ1947 የጻፈው፣ በናዚዎች እጅ ላለቁት የዋርሶ አይሁዳውያን መታሰቢያ የሆነው «ከዋርሶ የተረፈው» የተባለው ለአንባቢ፣ ለወንዶች መዘምራንና ለኦርኬስትራ የተዘጋጀ ሥራም በዚሁ አጻጻፍ የተመራ ነው።

የመጨረሻ ዘመኑ

በኦገስት 1946 ሾንበርግ በጠና ታሞ ልቡ ቆመ፤ ሐኪሙ በልቡ ላይ በወጋው መርፌ ነፍሱ ተመለሰች። ከዚያ ቀን ከመጣው ሕመም በሳምንታት ውስጥ ለሦስት ባለ አውታር መሣሪያዎች የሚሆን ድርሰት ጽፎ ፈጸመ። ከ1930 እስከ 1932 ሁለት ምዕራፎቹን የጨረሰው «ሙሴና አሮን» የተባለው ኦፔራ ግን ሦስተኛው ምዕራፍ ያለ ሙዚቃ እንደ ቀረ ቆየ።

በወሩ 13ኛ ቀን የተወለደው ይህ ሰው ዕድሜውን በሙሉ 13 ቁጥርን ይፈራ ነበር። በ1950 ኦስካር አድለር የ76 ቁጥር ሁለት አኃዞች ሲደመሩ 13 እንደሚሆኑ ካመለከተው በኋላ ሥጋቱ ባሰበት። በስሌት የሚያምን አእምሮ ከእንዲህ ዓይነት ፍርሃት ነፃ አለመሆኑ ያስገርማል። ሾንበርግ በ76 ዓመቱ፣ ዓርብ ጁላይ 13 ቀን 1951 በሎስ አንጀለስ ዐረፈ። ቤርግ በ1935፣ ቬበርን በ1945 ቀድመውት አልፈው ነበር።

ዘሩ ግን አልጠፋም። በ1955 ፈረንሳዊው ፒየር ቡሌዝ የረኔ ሻርን ግጥሞች ለአልቶ ድምፅና ለስድስት ተጫዋቾች ሲያዘጋጅ «ጨረቃዊው ፒየሮ»ን በግልጽ አስታውሷል። በ1967 በእንግሊዝ አገር ፒተር ማክስዌል ዴቪስና ሃሪሰን በርትዊስል ያቋቋሙት ቡድን የፒየሮ ተጫዋቾች ተብሎ ተሰየመ። ፍሉት፣ ክላሪኔት፣ ቫዮሊን፣ ቼሎና ፒያኖ የሚገኙበት ስብስብ በዛሬው የሙዚቃ ዓለም የታወቀ የአመዳደብ ዓይነት ሆኗል፤ ከሾንበርግ በኋላ የመጡ እጅግ ብዙ ደራስያንም ለዚሁ ስብስብ ጽፈዋል። ለአንዲት ተዋናይት ጥያቄ መልስ ይሆን ዘንድ የተመረጠ የመሣሪያዎች ስብስብ መደበኛ ደረጃ ለመሆን በቃ።

ሾንበርግ ዜማዎቹ አንድ ቀን በሕዝብ አፍ እንዲዘመሩ ይመኝ ነበር፤ ይህ ምኞቱ አልተፈጸመም። ሥራዎቹ ዛሬም ብዙ አድማጭ የላቸውም፤ ለመጫወትም፣ ለማዳመጥም ትዕግሥት ይጠይቃሉ። ሆኖም በ1899 በመጽሐፍ ባለመገኘቱ የተከለከለው አኮርድ ዛሬ በመጻሕፍት ይገኛል፤ በ1908 የተሣቀበት ኳርቴትም በየሙዚቃ ትምህርት ቤቱ ይጠናል። የተወለደበት 100ኛ ዓመት በተከበረበት በ1974 ዐፅሙ ከተቃጠለ በኋላ የተቀመጠው አመድ ከአሜሪካ ተወስዶ በቪየና ማዕከላዊ መካነ መቃብር ዐረፈ። ከ1998 ጀምሮም የእጅ ጽሑፎቹ፣ ሥዕሎቹ፣ የቼዝ ሰሌዳውና በእጁ ያበጃቸው ዕቃዎች በስሙ በተሰየመው የቪየና ማዕከል ተጠብቀው ለሕዝብና ለተመራማሪዎች ይታያሉ።